አሥረኛዋ ላም

አስጎብኚው አምባቸው ይሄነው እንግዳ ይዞ በተነሣ ቁጥር መጀመሪያ የሚናገረው ስለ እጅ ነው። «ዓይናችሁ እንደ ልቡ ይሁን፤ እጃችሁ ግን ኪሳችሁ ውስጥ ይቀመጥ» ይላል። ኪስ የሌለው ቀሚስ የለበሰች ካለች እጇን ነጠላዋ ውስጥ እንድታስገባ ያዛታል። እኔ መካነ ሰላም ውስጥ ሃያ ሁለት ዓመት ታሪክ ያስተማርኩ ሴት ነኝ፤ ማዘዝ እንጂ መታዘዝ አልወድም። እንዲያም ሆኖ እስካለፈው ጥቅምት ድረስ ከአምባቸው ጋር ስድስት ጊዜ ወጥቼ ስድስቱንም ጊዜ እጄን ኪሴ ውስጥ ከትቻለሁ።

መንገዱ ደርሶ መልስ የአንድ ቀን ነው። ከከተማው በሚኒባስ ወገብ እስኪላቀቅ አንድ ሰዓት፣ ከዚያ በእግር ሁለት ሰዓት ተኩል። መጀመሪያ የሚደረሰው ጋሻ ጨፌ ነው። ጨፌው እንደ ስሙ ክብ ሆኖ፣ ዙሪያውን ደንገልና ቄጠማ አጥሮት፣ በጋም ቢሆን ውሃው አይጠፋም። ሳቢሳ የሚባሉት ወፎች እንደ ባለሥልጣን ይንጎራደዱበታል። አምባቸው የጨፌውን ዝይዎች በጥንድ በጥንድ ለይቶ ያውቃቸዋል፤ የትኛዋ ስንት ጫጩት እንዳሳደገች፣ የትኛዋን ቀበሮ እንደዘረፋት ስለ ጎረቤቶቹ እንደሚያወራ ሆኖ ያወራል።

ከጨፌው በላይ ገደል አለ። ገደሉ ሥር ዋሻ አለ። የዋሻው ግድግዳ ላይ በቀይ አፈር የተሣሉ ላሞች አሉ፤ ቀንዳቸው ረጅም፣ ጡታቸው ሙሉ ነው። ማን እንደሣላቸው የሚያውቅ የለም። ካህናቱ «ከኛ በፊት የነበሩ ሰዎች ሥራ ነው» ይላሉ፤ የታሪክ መምህርት ነኝ የምለውም እኔ ከዚህ የተሻለ መልስ የለኝም።

«ዘጠኝ ናቸው» ይላል አምባቸው፣ ሁላችንም አንገታችንን ካንጋጠጥን በኋላ። «አሥረኛዋ እዚህ ነበረች። ዝናብ ወሰዳት።» በዱላው ጫፍ የሚያሳየው ቦታ ሰፌድ የሚያህል ነጣ ያለ ድንጋይ ነው።

ዝም ማለት አልሆነልኝም። ዋሻው ጥልቅ ነው፤ እንኳን ዝናብ ጤዛ አይደርሰውም። «አምባቸው፣ ይሄ ዝናብ አንኳኩቶ ነው የገባው?» እለዋለሁ። በሌላው ቀልዴ ሁሉ የሚስቅ ሰው በዚህኛው ስቆ አያውቅም። ፊቱን አዙሮ «እንውረድ» ይላል። ስድስት ጊዜ አንኳኩቶ ነው የገባው አልኩት፤ ስድስት ጊዜ እንውረድ አለኝ።

አምባቸው የዚያው የገደሉ ሥር መንደር ልጅ ነው። ገብስና ባቄላ ያርሳል፤ ሦስት ልጆች አሉት። በልጅነቱ ቄስ ትምህርት ቤት ገብቶ ዳዊት ደግሞ ነበር፤ ድቁና ሊቀበል ሲል ግን «እጄ አልበቃም» ብሎ ተወው። የኔታም አባቱም ምን ማለቱ እንደሆነ አልገባቸውም። ከዚያ ማሻ ወደሚባል ከተማ ሄዶ ግንበኛ ሆነ። ሲመለስ ማንም ሳያዝዘው ፍየል እንዳይገባ በዋሻው አፍ ላይ የድንጋይ ካብ ካበ። ስንት ዓመት በነፃ ጠበቀው። ኋላ ነው የቱሪዝም ቢሮ የሚያውቀው አስጎብኚ ሆኖ ፎቶው ያለበት ባጅ አንገቱ ላይ የተንጠለጠለለት። ሰው «ይሄን ዋሻ እንዲህ የምትወደው ለምንድነው?» ሲለው «መውደድ አይደለም» ብቻ ነው መልሱ።

ባለፈው ጥቅምት ለሰባተኛ ጊዜ ስወጣ አብረውኝ የነበሩት የትምህርት ቤታችን መምህራን ናቸው። አዩብ የሚባለው አዲሱ የሒሳብ መምህራችን እናቱን ይዞ መጣ፤ ከሚኒባሱ ስንወርድ በቅሎ ላይ አስቀመጣቸው። እትዬ ሩቂያን የማያውቃቸው የመካነ ሰላም ሰው የለም፤ ጨውና በርበሬ ይሸጣሉ፣ ሚዛናቸው አይዋሽም። ዕድሜያቸው ሰባን አልፏል።

አምባቸው የበቅሎዋን ልጓም ሊይዝ ቀርቦ ቀና ሲል አያቸው። እጁ ልጓሙ ላይ ቀረ።

«አሰላሙ ዓለይኩም፣ እትዬ ሩቂያ። አፊያ ነዎት?»

«አልሐምዱሊላህ። የአልታዬ ልጅ አይደለህም? እናትህ ደኅና ናት?»

«ደኅና ናት።» ከዚያ ዞሮ መንገድ ጀመረ። ስለ እጅ የሚናገረውን ረሳው። ጨፌው ስንደርስም ዝይዎቹን ሲቆጥር ተሳሳተ፤ አሥራ አራት ብሎ ጀምሮ አሥራ ሁለት ላይ ጨረሰ። ሰውየውን አውቀዋለሁ፣ ደኅና አልነበረም።

ዳገቱ ላይ አዩብን ጠጋ ብዬ «እናትህን ምን አመጣቸው?» አልኩት። አስጠጋኝና ሁሉን ነገረኝ።

በዚያ አገር ልማድ አለ። የላም ወተት ሲነጥፍ ሴቶቹ፣ ክርስቲያኗም እስላሟም፣ ትንሽ ቅቤ በቅጠል ይዘው ወደ ዋሻው ይወጣሉ። ከተሣሉት የአንዷን ላም ጡት በጣት ጫፍ ቀብተው፣ ወደ ኋላ ሳይዞሩ ይወርዳሉ። ቄሶቹም ሼኾቹም ይቆጧቸዋል፤ እነሱም እሺ ይላሉ፤ ከዚያ ይወጣሉ። ከአርባ ዓመት በፊት አንድ ሰሞን አሥረኛዋ ላም ጠፍታ ተገኘች። ቀድማ የወጣችው ማን ናት ሲባል ሩቂያ ናት ተባለ። «ላሟን ያስኮበለለች» የሚል ስም ወጣላቸው። እጃቸው ክፉ ነው፣ ቅቤያቸው በረከት ያባርራል ተባለ። የገዛቸው የለም፤ የጎረቤት ጥጃ ሲሞት እንኳ ወደ እሳቸው በር ይታይ ነበር። መጨረሻ ላይ ባላቸውን ይዘው ወደ ከተማ ገቡ። የመንደሩ ሰው ግን ከተማም ገበያ ይወጣል፣ ወሬውም አብሮ ይወጣል።

«እናቴ ከዚያ ወዲህ ቅቤ ገበያ አውጥታ አታውቅም» አለኝ አዩብ። «ሁለት ላም አለን። ቅቤውን ወይ እንበላዋለን፣ ወይ ለማያውቀን ሰው አቀስታ ከተማ እንልከዋለን። አሁን ደግሞ ሳልሞት ስሜ የቀረበትን ቦታ ልየው አለች።»

ተናደድኩ። ሰው በግድግዳ ላይ ሥዕል አርባ ዓመት ይፈረድበታል? ለምን እንደሆነ እንጃ፣ ዓይኔ ከፊት የሚሄደው አምባቸው ጀርባ ላይ ተተከለ።

ዋሻው ገባን። እትዬ ሩቂያን ከበቅሎ አውርደን ጠፍጣፋ ድንጋይ ላይ አስቀመጥናቸው። ማንም ሳያዛቸው ሁለት እጃቸውን ሻርፓቸው ውስጥ አድርገው ያንን ነጣ ያለ ቦታ ያዩ ጀመር። አምባቸው እንደ ልማዱ ዱላውን አነሣ።

«ዘጠኝ ናቸው። አሥረኛዋ እዚህ ነበረች…»

ቆመ። ቀልዴን ልወረውር አፌን ከፍቼ ነበር፤ ፊቱን ሳየው ዘጋሁት።

«ዝናብ አይደለም» አለ። «እኔ ነኝ።»

ዱላውን መሬት አስቀመጠ። «ዘጠኝ ዓመቴ ነበር። ላማችን ነጥፋ እናቴ ቅቤ አሲዛ ላከችኝ። በዚያውም ጨፌው ላይ ጋቢዬን እንዳጥብ የተወቀጠ እንዶድ ሰጥታኝ ነበር። እዚህ ስደርስ ላሟ አቧራና ጥላሸት ለብሳለች። ቅቤ እንዴት በእድፍ ላይ ይቀባል አልኩ። ለበዓል ልብስ ይታጠብ የለ? አጥቤ ብቀባት ወተቱ የሚበዛ መሰለኝ። በቅል ውሃ ቀድቼ፣ በእንዶድ አሸኋት። አረፋው ሲቀላ እድፉ የለቀቀ መስሎኝ ደስ አለኝ። ውሃ ሳፈስበት ላሟ የለችም።»

ከጨፌው የዝይ ድምፅ ይመጣል።

«ለእናቴ፣ ስደርስ አልነበረችም አልኳት። ካንተ በፊት ማን ወጣ አለችኝ። ሐሙስ ዕለት ሩቂያ ስትወጣ አይቻለሁ አልኩ። እትዬ ሩቂያ፣ አንቱ አይደሉም። እኔ ነኝ።»

አዩብ ዘሎ ተነሣ። «አርባ ዓመት! አርባ ዓመት ሙሉ…»

«ተቀመጥ» አሉት እናቱ። ከዚያ ወደ አምባቸው ዞሩ። «ድገመው። ጆሮዬ ደክሟል።»

ደገመው። በሁለተኛው ጊዜ ድምፁ ከፍ ብሎ ዋሻው አስተጋባው። ሲጨርስ ጉልበቱ ላይ ወድቆ እግራቸውን ሊስም አለ፤ እትዬ ሩቂያ እግራቸውን ሰበሰቡ።

«ተነሥ። እኔ እንዳላጠፋኋት ድሮም አውቃለሁ። ይሄ ድንጋይም ያውቃል። ለምናውቀው ነው የነገርከን። ለማያውቁት ንገር።» ትንሽ ትንፋሽ ሰበሰቡ። «ወላሂ፣ ልጅ ነበርክ፤ በልጅነትህ አልቆጣህም። ጢም ካወጣህ በኋላ ዝም ያልከውን ግን እቆጣሃለሁ።»

አምባቸው አንገቱን ደፋ። «በገበያው ቀን እነግራለሁ» አለ። «እናቴንም ይዤ።»

ስንመለስ ልጓሙን ራሱ ይዞ በቅሎዋን መራ። መንገዱ ሲከፋ «ይጠንቀቁ» ይላል፣ እሳቸውም ኮርቻውን ይጨብጣሉ። እኔም ስድስት ጊዜ የቀለድኩት ቀልድ አንድ በአንድ ትዝ እያለኝ አፍሬ ወረድኩ። ሰው እንዴት ምላስ እያለው ዓይን ያጣል?

በገበያው ቀን በርበሬ ልገዛ ነው የወጣሁት ብል ውሸቴን ነው። በጠዋት ሄጄ ቅቤ ተራ አጠገብ ቆምኩ። እትዬ ሩቂያ በጨውና በርበሬው ቦታቸው የሉም። ቅቤ ተራ መጨረሻ ላይ ተቀምጠዋል፤ ከፊታቸው በቅጠል የተጠቀለለ ቅቤ አለ። ከወዲህና ከወዲያ ያሉት ሻጮች ትንሽ ትንሽ ፈቀቅ ብለውላቸዋል፤ የአክብሮት አልነበረም። ገዢዎች ይመጣሉ፣ ያዩአቸዋል፣ ያልፋሉ። እሳቸው ቅጠሉን ያስተካክላሉ። ሁለት ሰዓት ያህል እንዲህ ሆነ። አምባቸው ባይመጣ ምን እንደማደርገው እያሰብኩ ጥርሴን አፋጨሁ።

መጣ። እናቱን እትዬ አልታዬን ክንዳቸውን ይዞ ነው የመጣው። እትዬ አልታዬ ሰማንያ ሊደፍኑ ትንሽ የቀራቸው፣ ዱላ የሚመረኮዙ ሴት ናቸው። አምባቸው ማታውን ነግሯቸው እንጀራ ሳይቀምሱ እንዳደሩ ኋላ ሰማሁ። ከእትዬ ሩቂያ ፊት ቆሙ። የመንደሩ ሴቶች መንደራቸው የሚያውቀውን ጠብ ሊያዩ ተሰበሰቡ።

አምባቸው ባጁን አውልቆ ኪሱ ከተተና ተናገረ። እንዶዱን፣ አረፋውን፣ ሐሙስን፣ ሁሉን። ዋሻው ውስጥ ያልተሰበረ ድምፁ ገበያው ላይ ተሰበረ፤ ግን ጨረሰው። ሴቶቹ እርስ በርስ ተያዩ። አንዷ «እንዲህም አለ?» አለች፤ ሌላዋ አፏን በነጠላዋ ያዘች። ለመግዛት ግን እጁን የዘረጋ አልነበረም። የአርባ ዓመት ፍርሃት በአንድ ንግግር አይለቅም።

እትዬ አልታዬ ዱላቸውን ለልጃቸው ሰጡት።

«እሱስ ልጅ ነበር» አሉ። «ወሬውን ከውሃ መቅጃው ላይ የዘራሁት እኔ ነኝ። ማንንም ሳልጠይቅ።»

ቀስ ብለው መሬት ተቀመጡ፣ ከቅቤው ፊት። ሻሻቸውን ፈቱ። ከሥሩ አጭር ነጭ ጸጉር ወጣ። በዚያ ሁሉ ሰው መሐል አንገታቸውን ዝቅ አድርገው፣

«ቅቢኝ፣ ሩቂያ» አሉ።

እትዬ ሩቂያ ያንን ነጭ ራስ ረጅም ጊዜ አዩት። እምቢ ቢሉም አልፈርድባቸውም ነበር። ከዚያ ቅጠሉን ገለጡ፣ በጣታቸው ቅቤ ዘገኑ፣ «ቢስሚላህ» ብለው መሐል አናታቸው ላይ አደረጉላቸው። ጠዋቱ ሞቅ ብሎ ስለነበር ቅቤው ወዲያው መቅለጥ ጀመረ፤ በግንባራቸው አድርጎ ወደ ቅንድባቸው ወረደ። እትዬ አልታዬ አልጠረጉትም።

«ጨምሪልኝ» አሉ።