ጥጥ ጫኟ ሄስተር ወደ ፎርት ዎርዝ ስትሄድ

ቅዳሜ ጠዋት ቴክሳስ ውስጥ ካለችው ፕሌኖ የተነሳሁት ጋሽ ሙሉጌታንና መርከባቸውን ፎርት ዎርዝ ላደርስ ነው። ጋሽ ሙሉጌታ ምጽዋ ላይ በባሕር ኃይል ያገለገሉ፣ አሁን ሆስፒታል ውስጥ በጥበቃ የሚሠሩ ሰው ናቸው። ከሥራ መልስ በእንጨትና በክር የሠሯትን ሄስተር የተባለች ትንሽ መርከብ ለሞዴል ኤግዚቢሽን አስመዝግበዋል። እዚህ አገር ሙያቸውን የሚያይላቸው ሰው አግኝተው አያውቁም፤ የዛሬውን ቀን እንደ ሠርግ ነበር የጠበቁት።

እውነተኛዋ ሄስተር በአሥራ ዘጠነኛው መቶ ዓመት ከቴክሳስ ጥጥ ጭና፣ አትላንቲክን አቋርጣ እንግሊዝ የምታደርስ ባለ ሦስት ምሰሶ የሸራ መርከብ ነበረች። የጋሼዋ ሄስተር ገመዶቿ ሁሉ በእጅ የተቋጠሩ ናቸው፤ ሙጫ አልነካቸውም። አይቼ አልጠግባትም!

"ከኋላ ሆኜ ልያዛት" አሉኝ።

"ኧረ ጋሼ! እርስዎን ከኋላ አስቀምጬማ አልነዳም። ከፊት ይግቡ።"

ሊያስቀይሙኝ ስላልፈለጉ እሺ አሉ። መርከቧን በጋቢ ደግፈን ለብቻዋ ከኋላ አስቀመጥናት።

አርሊንግተን አጠገብ

ሃይዌይ ሠላሳ ላይ አንድ ፒክአፕ ድንገት ፊቴ ገባ። ፍሬን ስይዝ ከኋላችን አንድ ነገር ቀጭ አለ። ከሃይዌዩ ወጥቼ ነዳጅ ማደያ ፓርክ አደረግኩ። ዋናው ምሰሶ ከወገቡ ተሰብሯል። መሬት ተከፍታ ብትውጠኝ በወደድኩ።

"ጋሼ፣ ለኤግዚቢሽኑ ሰዎች ኮል ላድርግና አንመጣም ልበላቸው?"

"ዝም በልና መቀስ አምጣልኝ።"

የተሰበረውን ቁራጭ ከጉቶው ጋር አጋጥመው በክር ማሰር ጀመሩ። እያሰሩ የእውነተኛዋን ሄስተር መጨረሻ ነገሩኝ። ጥቂት ዓመት እንደሠራች ማዕበል ምሰሶዋን ሰበረው። መርከበኞቹ ስባሪውን እንዲሁ አስረው፣ ትንሽ ሸራ ሰቅለው ከነጥጧ ወደብ አስገቧት። ባለቤቶቿ ግን "የእንፋሎት መርከብ እያለ እሷን ማደስ አያዋጣም" ብለው ለእንጨቷ ሸጧት። ጋሼም እንደ እነሱ የሞዴሏን ትልቅ ሸራ አውርደው ትንሹን ሰቀሉ።

ፎርት ዎርዝ

የኤግዚቢሽኑ አስተናጋጅ ሴትዮ አየቻትና ፊቷን ቋጠረች።

"ተሰብራለች እኮ!"

"የመጨረሻ ጉዞዋ ነው፤ ወደብ እየገባች ነው" አሏት ጋሼ፣ ረጋ ባለው እንግሊዝኛቸው።

ሴትዮዋ አንድ ሽማግሌ ዳኛ ጠራች። ሰውዬው መነጽሩን አውልቆ ቋጠሮውን ሲመረምር ቆየና "ባሕር ላይ ሠርተሃል አይደል?" አላቸው። ጋሼ ቀጥ ብለው ቆሙ። ሄስተር በሩ ፊት ለፊት ያለው ጠረጴዛ ላይ ተቀመጠች።

ፕሌኖ

ማታ ቤታቸው በር ላይ ሳደርሳቸው ሲከነክነኝ የዋለውን አወጣሁት።

"እውነተኛዋ ሄስተር፣ ያቺን የመሰለች መርከብ፣ በአጭር መቅረቷ ያሳዝናል።"

ጋሼ ከመኪናው ወርደው በመስኮቱ ጎንበስ አሉ።

"ጥጡ እኮ ሳይረጥብ ደርሷል፣ ልጄ።"