የበሩ ቃለ ጉባኤ

ከጳውሎስ ወደ ሸጎሌ በሚወስደው መንገድ ዳር፣ ለትምህርት ቤትና ለቢሮ በርና መስኮት የሚሠራ አንድ ድርጅት ነበር። ታየች እዚያ ጸሐፊ ሆና ሃያ ስድስት ዓመት ሠርታለች። ስድስት ሥራ አስኪያጆች ሸኝታለች፤ ሰባተኛው አቶ ዳኜ ናቸው። ከታይፕ ወደ ኮምፒውተር ብትዛወርም የጣቷ ጉልበት አልቀነሰም። ቁልፎቹን እንደ በርበሬ ነው የምትወቅጣቸው፤ ኮሪደር ላይ ያለ ሰው ሁሉ ታየች ደብዳቤ እየጻፈች መሆኑን ያውቃል።

አባቷ በሩፋኤል ሰፈር የታወቁ የቅኔ መምህር ነበሩ። ከልጆቻቸው አንዱ "ወጡ ተደፋ" ብሎ ሲመጣ፣ "ተደፋ ብሎ ነገር የለም። የደፋው ማን ነው? ባለቤቱን አምጣ" ይሉ ነበር። ይህ ሰዋስው ከልጆቹ ሁሉ አጥንቷ ድረስ የገባት ታየች ናት፤ አብዛኛውን ጊዜ ወጡን የምትደፋው እሷ ነበረችና።

ከሁለት ዓመት በፊት፣ ጥቅምት ላይ፣ የድርጅቱ የሴቶች መጸዳጃ ቤት በር ከማጠፊያው ተገንጥሎ ወደቀ። በር በሚሠራ ድርጅት በር ወደቀ ብሎ የተጨነቀ አልነበረም። ማክሰኞ በሥራ አመራር ስብሰባ ላይ ጉዳዩ ተነሣ። ታየችም አቶ ዳኜ እንዳሏት፣ "በሩ በአፋጣኝ እንዲሠራ አቅጣጫ ተቀምጧል" ብላ ቃለ ጉባኤው ላይ አሰፈረች። በሳምንቱ "የአቅጣጫው አፈጻጸም በትኩረት ይታያል" ተባለ። በወሩ "አፈጻጸሙ ዝቅተኛ መሆኑ ተገምግሟል" ተባለ። ገና ሲደርስ ደግሞ "ክፍተቱን የሚለይ ኮሚቴ ይቋቋማል" ተባለ። ክፍተቱ እንኳን ለኮሚቴ ለመንገደኛም ግልጽ ነበር፦ ቁመቱ ሁለት ሜትር፣ ስፋቱ ሰማንያ ሳንቲ ሜትር።

ሴቶቹ ሁለት ሁለት ሆነው መሄድ ጀመሩ። አንዷ ስትገባ ሌላዋ ኮምፔንሳቶ አቅፋ ደጃፉ ላይ ትቆማለች። ብዙ ጊዜ የምትቆመው የመጋዘን ኃላፊዋ ሪሐና ነበረች፤ ቁመት አላት። አናጢዎቹ ቀልድ አላጡም። "በስብሰባው ሁሉ ይታያል ይባላል፤ እስካሁን የታየችው ግን ታየች ብቻ ናት" እያሉ ይሳሳቁ ነበር። ታየች ስትሰማ አብራ ሳቀች። ቤቷ ገብታ ግን ራቷን ሳትጨርስ ተነሣች።

ዓመት አልፎ ሌላ ታኅሣሥ መጣ። አንድ ጠዋት ሪሐና ወደ ታየች ቢሮ ገባች።

"እትዬ ታየች፣ አንድ ነገር ልጠይቅዎት?"

"ጠይቂ፣ የኔ ልጅ።"

"ይሄ ተቀመጠ የሚባለው አቅጣጫ የት ነው የተቀመጠው? መጋዘን ከሆነ እኔ አልተረከብኩትም። የገቢ ደረሰኝም አልቆረጥኩለትም።"

ታየች ሳቀች። ሪሐና ግን ፊቷ አልተፈታም። "ዛሬ ጠዋት ብቻ አርባ ደቂቃ በር ሆኜ ቆሜያለሁ" ብላ ወጣች።

ታየች ፋይሉን ከመደርደሪያ አወረደችና ስልሳ ማክሰኞዎችን አንድ በአንድ አነበበች። ተቀምጧል፣ ተገምግሟል፣ ይታያል፣ ይቋቋማል። በስልሳው ቃለ ጉባኤ ውስጥ አንድም ባለቤት ያለው ዓረፍተ ነገር አልነበረም። ባለቤት የሌለው ዓረፍተ ነገር ባለቤት እንደሌለው ውሻ ነው፤ ሁሉም በሩቁ ያየዋል፣ የሚቀልበው የለም። ይበልጥ ያሳፈራት ግን ሌላ ነው። ሁሉንም የጻፈችው እሷ ናት።

በዚያ ማክሰኞ አቶ ዳኜ እንደ ልማዳቸው፣ "በሩን በተመለከተ ቀሪ ሥራዎች ተጠናቀው እንዲቀርቡ አቅጣጫ ተቀምጧል በይልን" አሏት። ታየች ቢሮዋ ገብታ በሩን ዘጋችና፣ "በሩን የወርክሾፕ ኃላፊው አቶ ኤርሚያስ እስከሚቀጥለው ሳምንት አርብ ድረስ ሠርተው ይገጥማሉ። እንጨቱን አቶ ዳኜ ይፈቅዳሉ" ብላ ጻፈች። ጣቷ ጣመው። "የሰዓት አከባበር ይሻሻላል" የሚለው ላይ ስትደርስ፣ ስብሰባው ላይ ሁሉም አንገቱን ያዞረው ወደ ማን እንደነበር ትዝ አላት፤ "አቶ ኤርሚያስ ጠዋት ሁለት ተኩል ላይ ይገባሉ" አለችው። "የተሽከርካሪ አጠቃቀም ሥርዓት ይይዛል" የሚለውንም፣ "አቶ ዳኜ የድርጅቱን መኪና ቅዳሜ ቅዳሜ ለዘመድ ሠርግ አያውሉም" ብላ አቃናችው።

ወረቀቱን ይዛ ስትዞር ሁሉም እንደ ወትሮው ቆሞ ፈረመ። ያነበበ አልነበረም። ቁጥር ሰጠችው፣ ማኅተም አሳረፈችበት፣ ግልባጩን ለዋናው መሥሪያ ቤት ላከች።

በሳምንቱ ያለፈውን ቃለ ጉባኤ ስታነብ የተሰብሳቢው ዓይን እንደ ልማዱ ስልኩ ላይ ነበር። ስሙን ሲሰማ መጀመሪያ ቀና ያለው ኤርሚያስ ነው።

"ቆይ፣ ማን ነው ይሠራሉ ያለው?"

"ሦስተኛው ገጽ ላይ ፈርመዋል" አለች ታየች፣ ዓይኗን ከወረቀቱ ሳትነቅል። ንባቧን ቀጠለች። ሠርጉ ላይ ስትደርስ ሁሉም ስልኩን አስቀመጠ።

አቶ ዳኜ ጉሮሯቸውን ጠረጉ። "ወይዘሮ ታየች፣ እ... ማለቴ፣ አነጋገሩ ጠንከር አላለም?"

"ሰዋስውን ነው ያረምኩት። ባለቤት አልነበረውም።"

"በቃ፣ ለዋናው መሥሪያ ቤት ማስተካከያ ይጻፍ።"

ታየች እስክሪብቶዋን አነሣች። "ምን ልበል? አቶ ኤርሚያስ በሩን አይሠሩም?"

"እንዴ፣ እንደዚያ ከተጻፈማ እምቢ ያልኩ ልመስል ነው" አለ ኤርሚያስ።

"እንግዲያስ ይሠራሉ?"

ኤርሚያስ ወደ አቶ ዳኜ ዞረ፤ አቶ ዳኜ ወደ መስኮቱ ዞሩ።

"መኪናውንስ? ቅዳሜ ለሠርግ ይውላል ብዬ ላስተካክለው?"

"እሱ... ይቆይ" አሉ አቶ ዳኜ።

ኤርሚያስ አርብ ጠዋት ሁለት ተኩል ላይ ገባ። ሥራውን ለሌላ ሊሰጥ ይችል ነበር፤ ግን ስሙ ያለበት በር ተጣሞ ቢገጠም ሳቁ በማን ላይ እንደሚሆን አላጣውም። ራሱ ለካ፣ ራሱ ላገ። ከሰዓት በኋላ ገጥሞት ሰባት ጊዜ ከፍቶ ዘጋው፤ ሲዘጋ ድምፅ አልነበረውም። አናጢዎቹ ተሰብስበው አዩት። መጀመሪያ የገባችው ሪሐና ናት። ቆየች። ከውጭ ያሉት ሴቶች ተጨንቀው፣ "ሪሐና፣ ምን ሆንሽ?" ሲሏት፣ "ምንም። ማንም ሳይጠብቀኝ መቀመጥ እንዴት እንደሆነ እያየሁ ነው" አለች ከውስጥ።

ታየች ግን ሳትቀጣ አልቀረችም። ጥር ላይ ከቃለ ጉባኤ ያዥነት ተነሥታ ምድር ቤት ወዳለው መዝገብ ቤት ተዛወረች። ኩባያዋንና ሹራቧን ይዛ ደረጃውን ስትወርድ ዓይኗ እንባ አቅርሮ ነበር፤ ሃያ ስድስት ዓመት ቀላል አይደለም። በቦታዋ የገባችው ሊድያ የምትባል የሰው ኃይል ሠራተኛ ናት። እሷም በሁለተኛው ሳምንት ወርዳ አቤቱታዋን አሰማች፦

"እትዬ፣ ምን አደረጓቸው? አሁን ሳያነቡ አይፈርሙም። እያንዳንዱ ስሙን እየፈለገ ስብሰባው ምሳ ሰዓትን አለፈ።"

መጋቢት ላይ ደግሞ አቶ ዳኜ ራሳቸው ወረዱ። ዙሪያውን ቃኝተው በሩን ገርበብ አደረጉት።

"የመሰንጠቂያው ማሽን ከቆመ ወር አለፈው። መለዋወጫ ዕቃ ግዙልን ብለን ሦስት ጊዜ ለበላይ ጻፍን፤ ሦስቴም በቀጣይ ይታያል ነው መልሱ። እና... ያንን ዓይነት ደብዳቤ ቢጽፉልኝ ብዬ ነው።"

"የቱን ዓይነት?"

"ያውቁታል እኮ፣ ወይዘሮ ታየች።"

ታየች አንድ ወንበር ላይ የተከመረውን ፋይል አነሣችላቸው። "ግዥውን እዚያ የሚፈርመው ማን ነው?"

"ወይዘሮ ሙሉእመቤት የሚባሉ አሉ።"

ቁልፎቹን መውቀጥ ጀመረች። ደብዳቤው ስድስት መስመር ሆነ። አቶ ዳኜ ቆመው ለመፈረም እስክሪብቶ ሲያወጡ፣ ወረቀቱን በቀስታ ወደ ራሷ ሳበችው።

"መጀመሪያ ቁጭ ብለው ያንብቡት" አለቻቸው።

አቶ ዳኜ ተቀመጡ፤ መነጽራቸውንም ከኪሳቸው አወጡ።