አባባ የገነቡት ደረጃ

አያቴ ግንበኛ ነበሩ። አሜሪካ ከመጡም በኋላ አሮጌ ግንብ ሲያዩ መዳፋቸውን ሳያሳርፉበት፣ «ማነው የገነባው?» ሳይሉ አያልፉም ነበር።

አንድ ቅዳሜ ከአትላንታ ሳቫና ወሰድኳቸው። በቅኝ ግዛት ዘመን የተቆረቆረች፣ ቤቶቿና የአትክልት ስፍራዎቿ እንደ ጥንቱ ታድሰው የሚጠበቁ ከተማ ናት። አስጎብኚዋ ስለ አንድ ቤት ባለጸጋ ስታወራ እሳቸው ግድግዳውን እየዳሰሱ ያንኑ ጥያቄ እንድተረጉምላቸው ነገሩኝ። ሰው ሁሉ ዞሮ ሲያየን አፈርኩ።

«አባባ፣ ይተዉት፣ ሰው እያስጠበቅን ነው» አልኳቸው።

አስጎብኚዋ ግን ራሷ መጥታ ጡቡ ላይ የቀረ የጣት አሻራ አሳየቻቸው። በባርነት የተያዙ ሰዎች እንደሠሩት፣ ስማቸውንም እስካሁን በጥናት እየፈለጉ እንደሆነ ነገረችን። አባባ ባርኔጣቸውን አወለቁ።

ካረፉ ስድስት ወር ሆናቸው። ባለፈው ሳምንት አትላንታ አጠገብ ያለውን የስማይርናውን ቤታችንን ለመሸጥ ላንዲት ገዢ ሾው ሳደርግ፣ አባባ በስተርጅና የገነቡትን የጓሮ ደረጃ አይታ ቆመች። ጎንበስ ብላ ጡቡን ዳሰሰችና «ማነው የሠራው?» አለችኝ።

ያለ ከተማው የግንባታ ፈቃድ የተሠራ ነበርና፣ ፐርሚት አለው ወይ እንዳትለኝ ፈራሁ።

«ስንገዛው የነበረ ነው» አልኳት፣ እዚያው ደረጃ ላይ ቆሜ።