ከልጅ ልጄ ኮምፒውተር የነቀልኩት አረም

ለዳንግላና ለአካባቢዋ ሕዝብ በሙሉ! ዛሬ ጠዋት የልጅ ልጄን ኮምፒውተር በገዛ እጄ ማረሜን በታላቅ አክብሮት አሳውቃለሁ።

የልጅ ልጄ ትዕግሥት የየቀበሌውን የድንች ዘር መረጃ በአንድ ፕሮግራም አስገብታና አስተካክላ ዛሬውኑ ለቢሮዋ ልትልክ ነበር። ስልክ ልታወራ ደጅ ስትወጣ እኔ ገባሁ።

የስማቸው ጫፍ አንድ ዓይነት የሆነ ፋይሎች ሞልተዋል። ብነካቸው አይከፈቱም። ሳይዘሩት የሚበዛ፣ ፍሬም የማይሰጥ ነገር በእኛ ማሳ አረም ነው፤ ነቅዬ ጣልኩት። ኮምፒውተሩም ትንፍሽ አላለም።

ተመልሳ ብትሞክረው ፕሮግራሙ አልነሳ አለ። ሌሎቹም እንደዚያው።

«አባባ፣ ያጠፏቸው ፋይሎች እኮ የጋራ ናቸው! ፕሮግራሞቹ ሁሉ እነሱን ተደግፈው ነው የሚሠሩት።»

«ስነካቸው አልከፈት አሉኛ!»

«እርስዎስ ሰው ሲነካዎት ይከፈታሉ?»

ሳቅሁ። አለቃዋ ሲደውሉ ግን «መብራት ጠፍቶብን ነው» አለች፤ አምፖሉ ከራሴ በላይ ቦግ ብሎ እየበራ። ዋሽታ የማታውቅ ልጅ ስለ እኔ ዋሸች። አንገቴን ደፋሁ።

አሁን ፕሮግራሙን እንደ አዲስ ልትጭን፣ ኔትወርክ ፍለጋ እንጅባራ ሄዳለች።

እናንተስ የማን ነገር ነቅላችኋል? ንገሩኝ፣ ብቻዬን አልፈር።

ከላይ አንዷ ነገር ፈጠራ ናት፤ ኮምፒውተሩ ትንፍሽ አላለም ያልኩት። «እርግጠኛ ነህ?» ብሎ ጠይቆኝ ነበር። ዕድሜዬን ሙሉ ሳርም የኖርኩትን እኔን ነው የምትጠይቀው ብዬ «አዎ» አልኩት።