ሁለተኛዋ የአንኮበር ጨረቃ

ደብረ ብርሃን አንድ የፎቶና ቪዲዮ ቤት በተቀጠርኩበት ቀን፣ አሠሪዬ ጋሽ ተፈራ ኮምፒውተሩ ፊት አስቀመጡኝና ሙሽሮችን ጨረቃ ውስጥ ማስገባት አስተማሩኝ። «ደንበኛ ጨረቃ ይወዳል፤ አንቺ ብቻ ጠርዙን አለስልሺ» አሉኝ። በዚህ ሙያ ልጆቼን አሳደግኩ። እግዚአብሔር ይመስገን፤ እሳቸውንም ይባርክልኝ።

አንኮበር ላይ የተደገሰ የአንድ ሰርግ ቪዲዮም ያቀናበርኩት እኔ ነኝ። ሙሽሮቹ አመሻሹ ላይ ገደል አፋፍ ቆመዋል፤ ከኋላቸው እውነተኛዋ ጨረቃ ወጥታለች። ሙሽራው አየና «ይቺ ትንሽ ናት፤ ሌላ ትልቅ ጨምሪልን» አለ። ጨመርኩ። እሱም ኢንተርኔት ላይ ለቀቀው።

ባለፈው ዓመት ያ ሰማይ በየስልኩ መጣ። ሙሽሮቹ ተቆርጠው ወጥተዋል። ምስሉ ሆን ተብሎ ደብዝዟል፣ እንዲንቀጠቀጥ ተደርጓል፣ የውሻ ጩኸት ገብቶበታል። አንድ ወፍራም ድምፅ «ሳይንቲስቶች የደበቁን ሁለተኛ ጨረቃ! ሐሙስ ብርሃኗን ያየ ዓይኑ ይጠፋል። ለሚወዱት ያጋሩ!» ይላል።

ጨረቃዋ የኔ ሥራ መሆኗን ከሥሩ ጻፍኩ። «ስንት ከፈሉሽ?» ብለው ሰደቡኝ።

ስድቡስ ይለፍ። ጎረቤቴ እማማ ብርቄ የዓይን ሞራቸው እንዲገፈፍ ብዙ ወር የጠበቁት ቀጠሮ ግን ያው ሐሙስ ነበር። ልጃቸው ቪዲዮውን አሰማቻቸው።

«አልወጣም» አሉ። «ዓይኔን ላስበራ ሄጄ ጭራሽ ላጥፋው?»

ወደምሠራበት ቪዲዮ ቤት ወሰድኳቸው። የሰርጉን ሥራ ከፍቼ ስክሪኑን አስጠጋሁላቸውና ትልቋን ጨረቃ አጠፋኋት።

«አሁን አንቺ አጠፋሻት እንጂ ነበረች፣ ልጄ።»

መልሼ አመጣኋት።

«ይኸው መጣች!»

እመቤቴ ትዕግሥት ስጪኝ አልኩ በልቤ። «እማማ፣ እርስዎ የሙሽራዋ አክስት አይደሉ? ሰርጉ ላይ እኮ ነበሩ። ሁለት ጨረቃ አይተዋል?»

«አላየሁም።»

«ታዲያ?»

«ዓይኔ መቼ ያይና! አንዷንስ መች አየሁ?»

ክርክሩ ታከተኝ። «እንግዲያው ሐሙስ ፊትዎን በጋቢ ሸፍኜ እወስድዎታለሁ» አልኩ። «ዓይንዎ ሲበራ ወጥተን አብረን እንቆጥራለን።»

«ይህስ ደግ ነው» አሉ።

ሞራው ተገፈፈ። ከሰነበቱ በኋላ አንድ ምሽት ደጃፋቸው ላይ ጠሩኝ። ቀና ብለው ብዙ ቆዩ።

«አንድ ናት» አሉ። «ያንቺዋ ትበልጥ ነበር።»

ለሙያ ባልደረቦቼ የምለው ይህን ነው። ቪዲዮው እንዴት እንደተሠራ ማሳየት ብቻውን ሰውን አይመልስም። ሄዶ በዓይኑ እስኪያይ አብራችሁት ሂዱ።