ከአቃቂ የደወልኩት ስልክ

የያዙኝ በእናቴ ለቅሶ ላይ ነው። ድንኳኑ ገና አልፈረሰም። ሁለት ወንዶች እንደማንኛውም ለቀስተኛ ገብተው አግዳሚ ወንበር ላይ ተቀመጡ፤ «እግዚአብሔር ያጽናችሁ» አሉ፤ የቀረበላቸውን ንፍሮ ዘግነው ቀመሱ። ከዚያ አንደኛው ወደ እኔ ጠጋ ብሎ፣ ድምፁን ዝቅ አድርጎ፣ «እመቤት፣ ለትንሽ ጥያቄ ፈልገንዎት ነበር። ቶሎ እንመልስዎታለን» አለኝ። ነጠላዬን እንዳዘቀዘቅሁ ተከትያቸው ወጣሁ። እህቴ ሹራብ ላምጣልሽ ብላ ስትነሣ፣ «ተይው፣ አሁን እመለሳለሁ» አልኳት።

የጫኑኝ ላንድሮቨር ሳሪስን አልፎ ወደ ቃሊቲ ወረደ፤ ቃሊቲንም አለፈ። አቃቂ ስንደርስ ከባቡር ሐዲዱ አጠገብ ወደሚገኝ አንድ ግቢ ታጠፍን። በፊት የጥጥ መጋዘን የነበረ ነው። ያስገቡኝ ክፍል ከፍ ያለ የቆርቆሮ ጣሪያ ነበረው፤ መስኮቶቹ ከሰው ቁመት በላይ ናቸው። ጥጡ ከተነሣ ቆይቷል፤ ብናኙ ግን በግድግዳው ስንጥቅ ውስጥ ቀርቷል። ባቡር ባለፈ ቁጥር ግድግዳው ሲንቀጠቀጥ ብናኙ እየረገፈ ፀጉራችን ላይ ያርፋል። እዚያ የነበረች ሴት ሁሉ ትስል ነበር።

ቦታ የሰጡኝ አንዲት በዕድሜ የገፉ ሴት ናቸው። ሁሉም «እማማ» ይሏቸዋል። ቤታቸው እዚያው አቃቂ ነው፤ የታሰሩት ልጃቸው የተደበቀበትን አልናገርም ብለው ነው። ጥቁር ልብሴን አይተው፣ «ማን ሞቶብሽ ነው ልጄ?» አሉኝ።

«እናቴ ናት።»

የሰሌናቸውን ግማሽ ለቀቁልኝ። ከዚያ አጠገቤ ተቀምጠው፣ በነጠላቸው ጫፍ ዓይናቸውን እየጠረጉ፣ ጥቂት አለቀሱልኝ። እናቴን አያውቋትም፤ እኔንም ያዩኝ ገና አሁን ነው። እኔ ግን ለቅሶዬ ከተቋረጠበት የቀጠለ ያህል ተሰማኝ፤ ደረቴም ቀለል አለኝ።

ባለቤቴ በአንድ ብርዳማ የአውሮፓ ከተማ አምባሳደር ነበር። ይህ በክፍሉ ሲሰማ «አምባሳደሯ» የሚል ስም ወጣልኝ። ስሙን ያወጣችልኝ ከጨርቃ ጨርቅ ፋብሪካ ተይዛ የመጣች አንዲት ወጣት ፈታይ ናት።

«እዚያ አገር መጸዳጃ ቤት ውስጥ ምንጣፍ ይነጠፋል ይላሉ። እውነት ነው?» አለችኝ።

«አንዳንድ ቤት አለ።»

«ታዲያ ከዚያ ምንጣፍ ላይ ተነሥተሽ ነው እዚህ የመጣሽው? ምነው፣ አሞሽ ነበር?»

ክፍሉ በሳቅ ሞላ። እኔም ሳቅሁ። እናቴ ከሞተች ወዲህ ስስቅ የመጀመሪያዬ ነበር።

ከዚያ ወዲህ ከምሳ በኋላ «እስኪ ያን አገርሽን አውሪን» ይሉኛል። የጠበቁት ስለ ጌጥና ስለ ድግስ እንደሆነ ይገባኛል። እኔ ግን ከድግሱ ይበልጥ የማስታውሰው የእግሬን ሕመም ነው። በበዓል ቀን በር ላይ ቆሜ፣ በጠባብ ጫማ፣ ስሙን የማልይዘውን እንግዳ ሁሉ እየጨበጥኩ ፈገግ ማለት። ቤታችን ትልቅ ነበር፤ ግን ከማንኪያው ጀምሮ የመንግሥት ነው፤ ልጆቼ አንድ ብርጭቆ በሰበሩ ቁጥር እደነግጥ ነበር። ልጄ ጓደኛ አፍርታ ገና ሳትጠግባት ወደ ሌላ አገር እንዛወራለን። ትንሹ ወንድሟ ደግሞ አማርኛን የተማረው ከእኔና ከአባቱ ብቻ ስለሆነ፣ ለዕረፍት አገር ቤት ስናመጣው ከእኩዮቹ ጋር እንደ ሽማግሌ ነበር የሚያወራው። እናቴ ይህን ስትሰማ በሳቅ ትሞት ነበር።

ባለቤቴን በሰው ፊት «እርስዎ» ነበር የምለው። እንግዳ ወይም ጸሐፊ ባለበት፣ ሹፌሩም በሚሰማበት፣ «ክቡርነትዎ፣ ምሳ ደርሷል» እላለሁ። እሱም «እሺ፣ ወይዘሮ» ይላል። በሩ ሲዘጋ አንተና አንቺ ነን። ልጆቹ «የእንግዳ አማርኛ» ብለው ስም አውጥተውለት እያስመሰሉ ይጫወቱበት ነበር።

አብዮቱ ከመጣ በኋላ የእንግዳው አማርኛ ከሳሎን አልፎ ወደ ጓዳችን ገባ። በቤቱ ከሚያገለግሉት ሰዎች አንዱ የምንነጋገረውን ወደ አገር ቤት እንደሚያስተላልፍ ደረስንበት፤ የትኛው እንደሆነ ግን ማወቅ አልቻልንም። የልባችንን ለመነጋገር በረዶ ሲጥል እንኳ ካፖርት ደርበን ወደ አትክልቱ ቦታ እንወጣ ነበር። በዚያን ጊዜ አምባሳደሮች ለምክክር እየተባሉ አንድ በአንድ ይጠሩ ነበር። የተመለሱትን ወዳጆቻችንን ድምፅ ዳግመኛ አልሰማንም። የእናቴ ሕመም ሲነገረኝ፣ «ሴትን ምን ያደርጋሉ ብለሽ ነው» እያልኩ ራሴን አደፋፍሬ መጣሁ። በሕይወት ደረስኩባት። በመምጣቴ ተጸጽቼ አላውቅም።

አንድ ቀን ጠዋት ተጠርቼ ወደ ቢሮው ተወሰድኩ። የጠበቀኝ ሻምበል ወጣት ነው፤ ንግግሩ የታረመ፣ ሸሚዙ በደንብ የተተኮሰ። ወንበር ሰጠኝ። ጠረጴዛው ላይ ስልክ አለ፤ ከስልኩ ላይ ሌላ መስሚያ ተቀጥሎ በእሱ በኩል ተቀምጧል።

«ባለቤትዎ ለምክክር ተጠርተው መልስ አልሰጡም» አለ። «ክፉ ነገር አልታሰበም። እርስዎ ቢያነጋግሯቸው ይመጣሉ። ልጆቹንም ይዘው።»

«ከመጣ እኔ እፈታለሁ?»

«ቤተሰቡ ይገናኛል።»

ጥያቄዬን እንዳልመለሰው ሁለታችንም አወቅን።

«ከእናቴ ቤት ነው የምደውለው ይበሉ» ሲል ቀጠለ። «ስለዚህ ቦታ አንዲት ቃል ቢተነፍሱ መስመሩ ይቋረጣል። ከዚያ በኋላ የሚመጣውን እኔም አልመልስልዎትም።»

ኦፕሬተሯ መስመር እስክታገኝ ብዙ ጠበቅን። አንዴ ተገኘ ተባለ፤ ጠፋ። በኋላ መስመሩ ተከፈተና አንድ ቀጭን ድምፅ «ሃሎ?» አለ። ልጄ ናት።

«እማዬ! አያቴ ተሻላት?»

ለካ አልሰሙም። «አርፋለች፣ የኔ ልጅ። አባትሽን ጥሪልኝ።»

«አንቺስ? መቼ ነው የምትመጪው?»

ሻምበሉ መስሚያውን ጆሮው ላይ እንደያዘ ዓይኑን ወደ ጠረጴዛው አወረደ።

«አባትሽን ጥሪልኝ» አልኳት ደግሜ።

ጫማው የእንጨቱን ወለል እየረገጠ ሲቀርብ ሰማሁት። እስከዚያች ደቂቃ ድረስ ያዘጋጀሁት ዘዴ አልነበረኝም። የማውቀው አንድ ነገር ብቻ ነው፤ ና ካልኩት ይመጣል። እኔን ትቶ የሚቀር ሰው አይደለም።

«አንቺ! የት ነሽ? ደህና ነሽ?» አለኝ።

«ደህና ነኝ። እርስዎስ እንዴት ሰንብተዋል?» አልኩት።

ወንበር ስቦ ሲቀመጥ ሰማሁት።

«የምደውለው ከእናቴ ቤት ነው። ቀብረናታል። መንግሥት ሐዘኔን ተካፍሎ በመልካም ሁኔታ ተቀብሎኛል። ክቡርነትዎም የተጠሩበትን ጉዳይ ሳያዘገዩ ቢፈጽሙ መልካም ነው። ልጆቹን ይዘው ይምጡ። እጠብቅዎታለሁ።»

መስመሩ ውስጥ ከሚንሿሿው ነገር በስተጀርባ ትንፋሹ ይሰማኛል። ሻምበሉ ቀና ብሎ አየኝ። ፊቴን እንዳላዞር አንገቴን አደነደንኩ።

«እሺ፣ ወይዘሮ» አለ ባለቤቴ በመጨረሻ። «መልእክትዎ ደርሶኛል። ስለ ልጆቹ አያስቡ፤ እኔ አለሁ። እርስዎ ግን...»

አልጨረሰውም። ስልኩን ማን እንደዘጋው አላውቅም።

ሻምበሉ መስሚያውን አስቀመጠ። «ባልን እንደዚህ ማክበር አሁን ቀርቷል» አለ፤ ከልቡ ይመስለኛል። ሻይ አስመጣልኝ። ብርጭቆውን በሁለት እጄ ይዤ ጠጣሁት።

ወደ ክፍሉ ስመለስ፣ እንደገባው እርግጠኛ ነበርኩ። ሲመሽ ግን መጠራጠር ጀመርኩ። ሰው አጠገቧ አለ ብሎ ብቻ ቢሆንስ የእንግዳውን አማርኛ የመለሰልኝ? ገብቶትስ ቢሆን፣ አስረዋታል ብሎ ሊያስፈታኝ ቢመጣስ? ከዚያ በኋላ በነበሩት ሳምንታት ምግብ አልዋጥልኝ አለ። አውሮፕላን በላያችን ሲያልፍ በድምፁ እያረፈ ነው ወይስ እየተነሣ ነው እያልኩ እጨነቅ ነበር። ሦስቱንም፣ ባለቤቴንና ልጆቼን፣ ከአውሮፕላን ደረጃ ሲወርዱ አያቸዋለሁ። ልጄ ኮቷን በክንዷ ይዛ፤ ትንሹ ደግሞ የሚያየውን ሁሉ ሰላም እያለ። ያን የነገርኩት ለእማማ ብቻ ነው።

«የሚያስብ ሰው ከሆነ አይመጣም» አሉኝ።

«የሚወደኝ ከሆነስ፣ እማማ?»

 ጀርባዬን ዳበሱኝ።

አንድ ቀን ረፋድ ላይ በሩ ተከፍቶ ሻምበሉ ራሱ ገባ። ሴቶቹ ሁሉ ተነሥተው ቆሙ። ሸሚዙ እንደ ወትሮው ንጹሕ ነው፤ ፊቱ ግን ጠቁሯል። እርስዎ ማለቱን ትቶታል።

«ባልሽ አገሩን ከድቷል» አለኝ። «ከኤምባሲው ወጥቶ ጥገኝነት ጠይቋል። ልጆችሽንም ይዞ ነው የሄደው። ሰማሽ? ትቶሽ ሄደ።»

 ሰሌኑ ላይ ተቀመጥኩና ነጠላዬን ፊቴ ላይ ጣልኩ። ትከሻዬ መርገብገብ ጀመረ፤ ላቆመው አልቻልኩም። እማማ ተንበርክከው አቀፉኝ። «አይዞሽ፣ አይዞሽ ልጄ፤ ወንድ ሁሉ...» ብለው ጀመሩና ነጠላውን ገለጥ አድርገው አዩኝ። እየሳቅሁ ነበር። እንባዬም ይወርዳል፤ ግን እየሳቅሁ ነበር።

«አልመጣም» አልኳቸው በሹክሹክታ። «እማማ፣ አልመጣም።»

ነጠላውን ቶሎ መልሰው ከደኑብኝ። ሻምበሉ ገና በር ላይ ነው። እማማ ቀና አሉና እኔን ደረታቸው ውስጥ እንደቀበሩ፣ «ወይኔ! ወይኔ ልጄን! በቁሟ ተቀበረች!» ብለው አንድ ጊዜ ሲጮኹ ጣሪያው አስተጋባ። ነገሩ ያልገባቸው ሴቶችም ተቀበሏቸው። ፈታይዋ ደረቷን እየመታች ከሁሉም በላይ ጮኸች። በዚያ ሁሉ ዋይታ መሐል እኔ የልቤን ሳቅሁ። ሻምበሉ ጥቂት ቆሞ አይቶን ወጣ፤ በሩ ተዘጋ። እማማም ድምፃቸውን አቁመው፣ ላባቸውን ጠርገው፣ «በይ አሁን ብዪ፤ ከሰሞኑ ምንም አልቀመስሽም» ብለው ዳቦ ሰጡኝ። ሙሉውን በላሁት። ጣዕሙ አሁንም ምላሴ ላይ ያለ ይመስለኛል።

በሳምንቱ የውይይት ስብሰባ ነበር። ግቢው ውስጥ ያለን እስረኞች ሁሉ መሬት ላይ ተቀምጠን አንድ ካድሬ ያስተምረናል። በመካከሉ እኔን አስነሣኝና፣ «ባልሽ ከሃዲ መሆኑን ለጓዶችሽ ተናገሪ፤ ከእሱ መፋታትሽንም አስታውቂ። ለራስሽ ይጠቅምሻል» አለኝ። የሚጠቅመኝ መሆኑ እውነት ነበር። እንዲያ ብለው የተፈቱ አይቻለሁ፤ አልፈረድኩባቸውም።

ቀሚሴ ላይ ያለውን ጥጥ አራገፍኩ። «ባለቤቴ ልጆቼን እያሳደገ ነው» አልኩ። «ስለ እሱ የምናገረው ይህን ነው።» ሳልታዘዝ ተቀመጥኩ።

  በማግስቱ እህቴ የምታመጣልኝ ስንቅ ተከለከለ። እማማ ከድርሻቸው እየቆረሱ፣ ፈታይዋም ከዘመዶቿ የሚመጣላትን ሽሮ እያካፈለችኝ፣ ያ ወቅት አለፈ። ያን ጊዜ በደንብ እተኛ ነበር። የታሰረ ሰው እንዲህ ይተኛል ብዬ አስቤ አላውቅም። ባቡሩ መጥቶ ጥጡን ሲያራግፍብን እንኳ አልነቃም።

እማማ ከእኔ በፊት ተፈቱ፤ ልጃቸው በሱዳን በኩል መውጣቱን ከቤታቸው ሆነው ሰሙ። እኔ ስፈታ ልጄ ሁለተኛ ደረጃን ልትጨርስ ተቃርባ ነበር። ፓስፖርት ለማግኘት ደግሞ ሌላ ብዙ ጊዜ ፈጀ። በመጨረሻ አውሮፕላን ማረፊያ ላይ ስንገናኝ ወንዱ ልጄን አላወቅሁትም፤ ከኋላዬ መጥቶ ሻንጣዬን ሲያነሣ ሌባ መስሎኝ ጮህኩበት። ባለቤቴ ራሰ በራ ሆኗል። እቅፍ አድርጎኝ ብዙ ቆመ። የትም እንዳላመልጥ የፈራ ይመስል ከማረፊያው እስክንወጣ ድረስ ክንዴን አልለቀቀም።

ከብዙ ዓመት በኋላ መንግሥት ተለውጦ አገራችን ገባን። ባለቤቴ ካረፈ አሁን ጥቂት ዓመታት ሆኑት። ያረፈው በገዛ አልጋው ላይ ነው፤ ከሰዓት በኋላ፣ መጋረጃው ተከፍቶ። ልጃችን እጁን ይዛው ነበር። እኔ ጠዋት መድኃኒቱን አልውጥም ስላለኝ አኩርፌው፣ ኩርፊያዬ ገና አልወጣልኝም ነበር። ከእሱ ጋር በአንድ ዘመን ከተሾሙት መካከል መቃብራቸው እንኳ የት እንዳለ የማይታወቅ አሉ። የእሱን አውቀዋለሁ። እሑድ ከቅዳሴ በኋላ እሄዳለሁ፤ የበቀለውን ሣር እነቅላለሁ፤ ፀሐዩ እስኪበረታ ድረስ አጠገቡ ተቀምጬ ወደ ቤቴ እመለሳለሁ።