በእናት ድምፅ ላይ የተቀዳ ማርሽ

ለግል ፊልም ሠሪዎች ሙዚቃ ስደርስ ነው ያረጀሁት። «ሥራውን እንዴት ጀመርከው?» የሚለኝ ሰው ሲመጣ ደሜ ይፈላል። የጀመርኩት በደርግ ዘመን፣ ደሴ ላይ ነው። ያኔ የያዘኝ ንዴት እስከ ዛሬ አልበረደልኝም።

አንድ ጓደኛዬ ፎቶ ቤት ነበረው። ድምፅ የማትቀዳ ትንሽ የፊልም ካሜራ አገኘና ልጇን ጦርነት የወሰደባትን እናት ታሪክ ሊሠራ ተነሣ። እናቲቱን ሆነው የሠሩለት ጥጥ ፈትለው የሚያድሩ የሆጤ ሰፈር ሴት ናቸው። የእሳቸውም ልጅ ወደ ሰሜን ዘምቶ ወሬው ጠፍቷል። እኔ አኮርዲዮን ስለምጫወት ሙዚቃውን ለኔ ሰጠኝ።

«ፊቴን ውሰዱት» አሉን እትዬ። «ድምጤን ግን እንዳትነኩብኝ። ወላሂ፣ ልጄን የምጠራው ለጨዋታ አይደለም።»

እንዝርታቸውን እያሾሩ ሲያንጎራጉሩ እኔ ከሥር በአምባሰል ቅኝት እየተከተልኳቸው፣ ከፊልሙ ጋር እንዲሰማ በአንድ ካሴት ቀዳነው። መጨረሻ ላይ የልጃቸውን ስም ይጠራሉ። እዚያ ስንደርስ እጄን ከአኮርዲዮኑ አነሣሁ፤ ስሙ ብቻውን ተሰማ። ከዚያ የተሻለ ነገር ሠርቼ አላውቅም።

ፊልሙ ኮምቦልቻ፣ ሠራተኞች አዳራሽ ሊታይ ነበር። መጀመሪያ ግን ካድሬው ማየት አለበት ተባለ። ሰውየው ካሴቱን አዳመጠና «ይሄ ለቅሶ ነው፤ አብዮት አያለቅስም» አለን። ያን ጊዜ ካሴት ብርቅ ነው። እዚያው ካሴት ላይ፣ በእትዬ ድምፅ ላይ፣ የወታደር ማርሽ ቀዳበት። ሌላ ቅጂ አልነበረንም። ብጮህበት «የግል ስሜትህን ተው ጓድ» አለኝ። ጓድ! የማን ጓድ?

አናሳይም እንዳንል ፊልሙም በእጁ ነው። ለእትዬ ልነግራቸው ሆጤ ስደርስ ቤታቸው ተዘግቷል። ጎረቤቶቻቸውን ሰብስበው፣ ነጠላቸውን አጥበው፣ በአውቶቡስ ኮምቦልቻ ወርደዋል። ተከትዬ ወረድኩ፤ ስደርስ መብራቱ ጠፍቶ ፊልሙ ተጀምሯል። በጨለማ እየዳበስኩ አጠገባቸው ተቀመጥኩ።

ሸራው ላይ እትዬ መንገድ መንገዱን እያዩ አፋቸውን ይከፍታሉ። የሚሰማው ጥሩምባና ከበሮ ነው። ከኋላ የነበሩት ወጣቶች ሳቁ። አልፈርድባቸውም፤ ያስቃል።

እትዬ ወደ እኔ ዘንበል አሉና «ልጄ፣ ስሙን የት አደረጉት?» አሉኝ።

«አጠፉት እትዬ» አልኩ።

ጉልበቴን መታ መታ አድርገው «አብሽር» አሉኝ። እሳቸው እኔን አጽናኑኝ! ይሄ ነው እስከ ዛሬ የሚያንገበግበኝ። ካድሬው ከፊት ወንበር ላይ ተቀምጦ ያጨበጭብ ነበር።

ከዚያ ወዲህ ለብዙ ፊልም ሙዚቃ ደርሻለሁ። እናት ልጇን የምትጠራበት ቦታ ሲደርስ እጄን አነሣለሁ። ፊልም ሠሪዎቹ «እዚህ ጋ ለምን ተውከው? አንድ ነገር አስገባበት እንጂ» ይሉኛል።

ቦታው ተይዟል እላቸዋለሁ።